ለዝንብ ነው ያልነው መጋረጃ

ቃሉን የሰጠኋቸው እኔ ነኝ። ዛሬ ቆቦ ሄዶ የሰፈራችንን ሰው የሚጠይቅ ቢኖር ይህን የሚያስታውስ አንድም አያገኝም። እኔ ግን አልረሳሁትም። ለመርሳት ሞክሬ ነበር፤ አልሆነልኝም።

በእኛ ሰፈር በር ዘግቶ መብላት ነውር ነበር። ለመመጻደቅ አይደለም የምናገረው፤ እንደዚያ ስለነበረ ነው። ገበታ ሲቀርብ በሩ ወለል ብሎ ይከፈታል። በመንገድ የሚያልፍ ሰው ዞር ብሎ ካየ «ኑ፣ እንብላ!» ይባላል። እሱም «ብሉ፣ አላህ ይባርከው» ብሎ ያልፋል፤ የራበው ደግሞ ይገባል። ግብዣው ከልብ ይሁን ከአፍ የሚመረምር አልነበረም። በሩ መከፈቱ ይበቃል። ዘግቶ የሚበላ ሰው ከተገኘ ወይ ታሟል ወይ ከሰፈሩ ተኳርፏል ማለት ነው።

ከዚያ ዝናቡ ቀረ። የስልሳ አራት ክረምት የተዘራው ማሽላ ፍሬ ሳይቋጥር ደረቀ። የስልሳ አምስት በልግ ደግሞ ጭራሽ አልመጣም። ጎሊና ወንዝ አሸዋ ብቻ ሆነ። ከቆላውም ከደጋውም ሰው ወደ አውራ ጎዳናው ወረደ። መኪና በሚያልፍበት ምግብም ያልፋል ብሎ ይሆናል። ከጎብዬ ጀምሮ እስከ ዋጃ የመንገዱ ዳርና ዳር ሰው ተቀመጠበት።

መጀመሪያ ከተማው ሰጥቷል። ይህንንም መናገር አለብኝ። እናቴ ንፍሮ እየቀቀለች ደጃፍ ላይ በእፍኝ ታድል ነበር። ጎረቤቱም እንደዚያው ነው። ግን የሚመጣው ሰው አልቀነሰም፤ ጨመረ እንጂ። ዛሬ ያበላሽው ሰው ነገ ሌሎች ሦስት ይዞ ይመጣል። ቀስ በቀስ እናቴ ከእፍኝ ወደ ጣት ወረደች። በሩ ግን አሁንም እንደ ተከፈተ ነው። ስንበላ ያዩናል፤ ሲያዩን እናያቸዋለን።

አባቴ ልብስ ሰፊ ነው። ያን ጊዜ ዓይኑ ደክሞ ነበርና ክር የማስገባውም፣ ቀጥ ያለውን ስፌት የምሰፋውም እኔ ነበርኩ። ስምንተኛ ክፍል ነኝ፤ ከትምህርት ቤት ስመለስ በረንዳው ላይ ካለው የስፌት መኪና ፊት እቀመጣለሁ። በዚያ ዓመት ልብስ የሚያሰፋ ሰው አልነበረም ማለት ይቻላል። መኪናውን አቧራ እንዳይበላው ብቻ እየወለወልኩ ቁጭ ባልኩበት አንድ ከሰዓት በኋላ ጎረቤታችን፣ የጨው ነጋዴው ሚስት፣ መጡ።

«መጋረጃ ፈልጌ ነበር» አሉ።

«ለመስኮት ነው እትዬ?»

«ለበር።»

«ለበር? የበር መጋረጃ ደግሞ ምን ይሠራልዎታል?»

አፌ ለከት የለውም፤ እናቴ ስትወልደኝ ጀምሮ ነው አሉ። ሴትየዋ መሬት መሬት አዩ። ከመንገዱ ማዶ አንድ ሰው ሁለት ልጆቹን ጭኑ ላይ አስተኝቶ ወደ እኛ ይመለከታል። ወደሱ ቀና አሉና መልሰው ወደ መሬት አዩ። ደህና ሴት ነበሩ። በንፍሮውም ጊዜ ከማንም በላይ የሰጡት እሳቸው ናቸው። ምክንያቱን መናገር አቃታቸው፤ ዝም ብለው መሄድም አቃታቸው። ጭንቀታቸው ተጋባብኝ።

«ለዝንብ ነው አይደል?» አልኳቸው።

ፊታቸው በራ። «እሰይ! ለዝንብ ነው እንጂ! ወላሂ የዘንድሮው ዝንብ መቼም...»

እኔም ተማሪ አይደለሁ? ቀጠልኩበት። «መምህራችን ዝንብ በእግሩ በሽታ ተሸክሞ ከቤት ቤት ይዞራል ብሎናል። ምግብ ላይ ሲያርፍ ነው የሚያስይዘው።»

«አየህ!» አሉ አጠገቤ ወደ ተቀመጠው አባቴ ዞረው። «ልጅ ማስተማር ለዚህ ነው።»

አባቴ ፈገግ አለ። እኔም ደስ አለኝ። ያን ቀን የሠራሁት ሥራ ምን እንደሆነ አልገባኝም። ነጭ አቡጀዲ ቆርጬ፣ ጠርዙን አጥፌ፣ ከላይ ገመድ ማስገቢያ ሰፍቼላቸው ወሰዱ።

በሳምንቱ ሁለት ሴቶች መጡ። «ያንን የዝንቡን» አሉ። ሌሎችም ተከተሉ። ማንም ለምን ዘንድሮ ብቻ ብሎ አልጠየቀም። ውሸታችን ሙሉ ውሸት ቢሆን ኖሮ ይቀል ነበር። ችግሩ ዝንቡ እውነት መሆኑ ነው፤ ከብቱ አልቆ በየሜዳው ስለወደቀ ዝንቡ በእርግጥ በዝቶ ነበር። ስለዚህ መጋረጃ የሰቀለ ሰው ሁሉ ልቡ ላይ እጁን ጭኖ «ለዝንብ ነው» ማለት ይችላል። እንደዚያም አለ።

በሩ ከተጋረደ በኋላ ወሬውም አብሮ ተለወጠ። ሰው በየቡናው የሚያወራውን እሰማ ነበር። በመጀመሪያው ወር «ምስኪኖች፣ ምን ያድርጉ» ነበር የሚባለው። በሁለተኛው «የኛ አገር ሰዎች እኮ አይደሉም» ተባለ። ኋላ ደግሞ «የተጎዳ ሆድ ድንገት ከበላ ይሞታል፤ አለመስጠት ነው ጽድቁ» የሚል መጣ። ይህኛው ከየት እንደ ተነሣ አላውቅም፤ ግን እንደ ወረርሽኝ ነው የተዛመተው። የሰጠ ሰው ገዳይ ተባለ፤ ያልሰጠ አዛኝ። እኔም ተናግሬዋለሁ። ትምህርት ቤት ውስጥ፣ ሰዎች ፊት፣ እንደ አዋቂ።

አንዲት ጓደኛ ነበረችኝ። አንድ ወንበር ላይ ነበር የምንቀመጠው። አገሯ ከዋጃ በታች ቆላው ውስጥ ነው፤ ቆቦ ቤት ተከራይታ ትማር ነበር። እናቷ በየገበያው ቀን በአህያ የማሽላ ዱቄትና ቅቤ ስንቅ ያመጡላታል። ከችግሩ በፊት በነበረው ዓመት ትምህርት ሲዘጋ እነሱ ቤት ሄጄ ሦስት ቀን አድሬያለሁ። እናቷ ላሟን አልበው ወተቱን ገና አረፋው ሳይወርድ በቅል ሰጡኝ። ጠጥቼ «በቃኝ» አልኩ።

«እንግዳ በቃኝ የሚለው ሦስት ጊዜ ነው» አሉኝ። «አንቺ ገና አንዱን ነው ያልሽው።»

እግራቸውን አየሁ። የግራ እግራቸው ትንሿ ጣት የለችም፤ ቦታው ብቻ አለ። እንደ ልማዴ «ይሄ ምን ሆኖ ነው?» ብዬ ጠየቅኩ። ጓደኛዬ ቆነጠጠችኝ። እሳቸው ሳቁ።

«ግመል ረግጦኝ ነው። እስከ ዛሬ ይቅርታ አልጠየቀኝም።»

ስልሳ አምስት ላይ ስንቁ መጀመሪያ አነሰ፤ ከዚያ ቀረ። ጓደኛዬ ክፍል ውስጥ ግንባሯን ዴስኩ ላይ ታደርግ ጀመር። ዳቦዬን ለሁለት ከፍዬ እሰጣት ነበር። ሚያዝያ ላይ «እናቴን ልያት፣ ልሂድ» አለችኝ። መንገድ ድረስ ሸኘኋት። በሰፈሩ ስናልፍ የተሰቀሉትን መጋረጃዎች አየችና፦

«እናንተ ቤትም ሰቅላችኋል?» አለች።

«የኛ ክፍት ነው» አልኩ። በዚያን ቀን እውነት ነበር። «ምንም ብትሆኑ፣ ማንም ይምጣ፣ በቀጥታ እኛ ቤት።»

«ደጃችሁ ካልተዘጋማ» አለች እየሳቀች።

«አይዘጋም አልኩሽ እኮ! አላህ ያውቃል።»

እንዲህ ብዬ ነው የሸኘኋት። ምዬ።

ሁለት ሳምንት ሳይሞላ የኛም በር ተጋረደ። አባቴ አልፈለገም ነበር። «እኔ የምሰፋው ለሰው ነው» ይል ነበር። ግን ነገሩ ተገልብጧል፤ በሩን ከፍቶ የሚበላ ቤት ነው አሁን የሚያስቅ። የጨው ነጋዴው ሚስት ለእናቴ «እናንተ በሽታም አትፈሩ!» አሏት። ሌላዋ «ሰጪ መስሎ መታየት ነው እንጂ» ብላለች አሉ። እናቴ ይህ ሲደርሳት አበደች።

«የሰፊው ቤት መጋረጃ የለውም ተብሎ መሳቂያ እስክንሆን ነው?» አለች። «ለሰው ሁሉ ተሰፍቶ ለኛ የለም?»

ከቁርጥራጭ ጨርቅ ቀጣጥዬ ሰፋሁት። ጨርቁ አልበቃም፤ ሲሰቀል ከመሬት አንድ ስንዝር አጠረ። ለአባቴ አሳየሁት።

«ይበቃል» አለ። «ዝንብ ከላይ ነው የሚመጣው።»

ሦስታችንም ሳቅን። በዚያ ዓመት አብረን የሳቅነው ያን ጊዜ ብቻ ይመስለኛል።

ያን ቀን ምሳ ነበር። አባቴ የእኩለ ቀኑን የዙሁር ሰላት ከመስጊድ ሰግዶ ገብቶ እጁን ታጥቦ ተቀመጠ። የማሽላ እንጀራ በሽሮ ነው። ቢስሚላህ ብለን ጀመርን።

«አሰላሙ አለይኩም!»

የሴት ድምፅ ነው፤ ደካማ ነው ግን ጥርት ያለ። ከመጋረጃው ጀርባ።

እዚህ ላይ ስለ ልማዳችን አንድ ነገር ልበል። ሰው ቤት የሚመጣ እንግዳ ደጃፍ ቆሞ ሦስት ጊዜ ሰላም ይላል። በሦስተኛው መልስ ካላገኘ ቅር ሳይለው ይመለሳል። ሰላም የተባለ ሰው ደግሞ መመለስ ግዴታው ነው። አባቴ በዚህ ቀልድ አያውቅም። ሕፃን እያለሁ ለአንዲት ልመና ለመጣች አሮጊት ሰላምታ ሳልመልስ ቀርቼ ጆሮዬን ይዞ ከመንገድ መልሶኝ ያውቃል። «ሰላም ዕዳ ነው» ይል ነበር።

የአባቴ እጅ ከአፉ ፊት ቆመ። እናቴ ማኘክ አቆመች። እኔ ዝቅ ብዬ በስንዝሯ ክፍተት አየሁ።

ሁለት ባዶ እግሮች። አመድ የመሰሉ። የግራው ትንሿ ጣት የለችም።

«አሰላሙ አለይኩም፣ ቤቶች!»

አባቴ አንገቱን ደፋ። ከንፈሩ ሲንቀሳቀስ አየሁ። አጠገቡ ስለተቀመጥኩ ሰማሁት። «ወአለይኩም ሰላም» አለ፤ ወደ ደረቱ፣ በትንፋሽ። አላህ እንዲሰማው፣ በሩ ላይ ያሉት ሴት ግን እንዳይሰሙት አድርጎ ነው ድምፁን የለካው። ዕድሜውን ሙሉ ሲለካ የኖረ ሰው ነው፤ አንድ ጣት እንኳ አልሳተም።

ያ ለከት የለሽ አፌ የት እንደ ሄደ እስከ ዛሬ እጠይቃለሁ። አፌ ውስጥ እንጀራ ነበር። ስለ እንጀራው ነው እላለሁ አንዳንዴ። አባቴ ዝም ሲል እኔ እንዴት ልናገር እላለሁ። እናቴም ዝም ብላለች። ሦስት ሰው ዝም ባለበት ቤት ውስጥ መጀመሪያ ድምፅ የሚያወጣው ሰው ወራዳ የሚሆን መሰለኝ። እግሮቹን ያወቅኩት እኔ ብቻ ነበርኩ። አባቴና እናቴ የሚያውቁትን ሰው አልከለከሉም፤ አላፊ አግዳሚን ነው የከለከሉት። እኔ ነኝ ወተት ያጠጡኝን ሴት የከለከልኩት።

«አሰላሙ አለይኩም።»

ሦስተኛው ዝቅ ያለ ነበር። ልማዱን ለመሙላት ያህል። ከዚያ እግሮቹ ትንሽ ቆዩ። ግራው ዞረ፣ ቀኙ ተከተለ፣ ክፍተቱ ውስጥ አቧራ ብቻ ቀረ።

«ማን ይሆን?» አለች እናቴ።

«መንገደኛ» አለ አባቴ።

ሁለቱም ወደ እኔ አዩ።

«እንጃ» አልኩ።

መብላታችንን ቀጠልን። ጨረስነው። ሽሮው ጣፍጦኝ ነበር። ይህን ባልጽፈው ደስ ይለኝ ነበር፤ ግን ጣፍጦኛል።

ከሰዓት ትምህርት ቤት ስሄድ መንገዱን በዓይኔ ፈለግኩ። እንዳላገኛቸው እየፈራሁ ሳይሆን እንዳላገኛቸው እየለመንኩ ነው የፈለግኩት። አላገኘሁም። «ደግሞ በራያ ቆላ ግመል ያልረገጠው ማን አለ?» አልኩ ለራሴ። እግር እግር ነው። ድምፁም የማንም ድምፅ ነው። ቢሆኑ ኖሮ ደግሞ ስሜን አይጠሩም ነበር? በሦስት ቀን ውስጥ እሳቸው እንዳልነበሩ አመንኩ። ከልቤ አመንኩ።

ግን ማንም ሳያዘኝ በማግስቱ ጠዋት መጋረጃውን አወረድኩና ከታች አንድ ስንዝር ቀጠልኩበት። እጄ ያወቀውን ልቤ አላውቅም አለ።

«አሁን አማረ!» አለች እናቴ። «ድሮም እንደዚህ ነበር መሆን የነበረበት።»

የጨው ነጋዴው ሚስት መጥተው አዩት። «እንደናንተው መሬት የሚነካ አድርጊልኝ፤ የኔው ነፋስ ያስገባል» አሉ። አሁን ደግሞ ነፋስ ሆነ። ወር ሳይሞላ የሰፈሩ መጋረጃ ሁሉ መሬት ነካ። ቀጥዬ የሰፋሁት እኔ ነኝ።

ከዚያ በኋላ የሆንኩት ነገር ያሳፍረኛል። ጓደኛዬን ጠላኋት። እንዲሁ ሳስበው ሳስበው የማይወደድ ጠባይ ተገኘባት። ስክሪብቶዬን ተውሳ አልመለሰችም። ሒሳብ ስሳሳት ትስቅብኝ ነበር። ዳቦ ስሰጣት አመሰግናለሁ ብላ አታውቅም። ክፍል ውስጥ ስለሷ ሲነሣ «ኩሩ ናት፤ ቢቸግራት ኖሮ አፍ የላትም?» አልኩ። የሚሰሙኝ ልጆች ራሳቸውን ነቀነቁ። በሳምንቱ አንዷ ያንኑ ቃል መልሳ ለኔ ነገረችኝ፤ ከሌላ ሰው የሰማችው አስመስላ። ሰው ሁሉ የሚለው ነገር ሆነ። እኔም ከሰው ሰማሁትና ይበልጥ አመንኩት።

ወንበሩ ላይ ብቻዬን ቀረሁ። መምህሩ ሌላ ልጅ አጠገቤ ሊያስቀምጥ ሲል «ይጠበኛል» አልኩ። ውሸት ነው። ሰው አጠገቤ ከተቀመጠ የሚያውቅብኝ ይመስለኝ ነበር። በበዓል ቀን እንኳ ሰው መሐል ተቀምጬ ጆሮዬ በሩ ላይ ነበር። ሦስት ጊዜ ሰላም የሚል ሰው ቢመጣ ብዬ። ማንም አልመጣም፤ በዚያ ጊዜ ደጃፍ ላይ ሰላም የሚል መንገደኛ ቀርቶ ነበር። ማንም እንደማይመልስ ተለምዷል።

አንድ ቀን አልቻልኩም። የጨው ነጋዴውን ሚስት ውሃ መንገድ ላይ አገኘኋቸው።

«እትዬ፣ እውነት ግን ለዝንብ ነበር እንዴ?» አልኳቸው።

እንስራቸውን አስተካክለው ገርመም አድርገው አዩኝ።

«አንቺው አይደለሽ እንዴ ያልሽኝ?»

እውነታቸውን ነው። እኔ ነኝ።

በስልሳ ስድስት ነገሩ ተገለጠ። ሬዲዮ ተናገረ፣ ፈረንጆች መጡ፣ እህል የጫኑ መኪናዎች በአውራ ጎዳናው ይመላለሱ ጀመር። ከከተማው ወጣ ብሎ መጠለያ ተሠራ። ያን ጊዜ መጋረጃዎቹ አንድ በአንድ ወረዱ። ማንም አውርዱ አላለም፤ እንደ ተሰቀሉት ወረዱ። ዝንቡ አልቀነሰም ነበር።

ሰውም ሌላ ሰው ሆነ። የሰፈሩ ሴቶች ለመጠለያው ዱቄት ይፈጩ ጀመር፤ ደከመኝ አላሉም። «እኛማ ያልደረስንለት ማን አለ» ይባባላሉ። አንድ ቀን ከደሴ የመጣ ዘመዳችን እኛ ቤት ተቀምጦ «እንዴት አደረጋችሁት ያን ጊዜ?» ሲል እናቴ፦

«አልሀምዱሊላህ፣ ያለንን ስንካፈል ነው የከረምን። ደጃችን አንድ ቀን ተዘግቶ አያውቅም» አለችው።

ዓይኔን እያየች ነው ያለችው። ሳትሽኮረመም። ቆይቼ ነው የገባኝ፤ አልዋሸችም። እንደዚያ ነው የምታስታውሰው። ንፍሮውን ታስታውሳለች፤ ንፍሮው ደግሞ እውነት ነበር። መጋረጃው የት ሄደ? ጓዳ ውስጥ ተጣጥፎ የዱቄት ዕቃ ተሸፍኖበታል።

ተማሪዎች መጠለያ ሄደው እንዲያግዙ ተጠየቅን። ሄድኩ። ከደግነት አይደለም፤ ቤት መቀመጥ ስላቃተኝ ነው። የሰጡኝ ሥራ ከበርሜል የዱቄት ወተት በጣሳ እየቀዱ ማደል ነበር። ሰልፉ ይመጣል፣ ጣሳው ይወርዳል፣ ጣሳው ይወጣል። ፊት አላይም፤ የሚዘረጋውን ዕቃ ብቻ ነው የማየው። ከተቻለኝ ደግሞ እግር አላይም።

«አንቺ አፈ ልቅ!»

ቀና አልኩ። እንደዚህ ብላ የምትጠራኝ አንዲት ሰው ብቻ ናት። ጸጉሯ ተላጭቷል፤ ጉንጯ ገብቷል፤ ዓይኗ ግን ያው ነው። ቆርቆሮ ይዛ ሰልፉ ላይ ቆማለች። ተቃቅፈን ተላቀስን። ከኋላ ያሉት «ቶሎ በሉ እንጂ!» አሉ። ለሌላዋ ልጅ ጣሳውን ሰጥቻት ወደ ጥግ ወጣን።

«እናትሽስ?» አልኩ። ማወቅ የማልፈልገውን ነው መጀመሪያ የጠየቅኩት።

«ሞተች። እዚሁ መንገድ ላይ፣ መጠለያው ሳይሠራ።»

እሷ ቀጠለች። ቀስ ብላ ነው የምታወራው፤ ትንፋሽ ያጥራታል።

«ከቤት ወጥተን ቆቦ ስንደርስ እኔ ትኩሳት ይዞኝ መራመድ አቃተኝ። ከከተማው መግቢያ ዛፍ ሥር ተኛሁ። እነሱ ቤት ሂጂ ብዬ ላክኋት። የሰፊው ቤት ብለሽ ጠይቂ፣ እነሱ ደጃቸውን አይዘጉም፣ ልጅቷ ምላልኛለች አልኳት። ሄደችና ተመለሰች። ሰው የለም አለችኝ።»

«ሰው የለም?»

«ሦስቴ ሰላም አልኩ፣ መላሽ የለም፤ ሰው ቢኖርማ ኖሮ ይመልሱ ነበር አለች። ለቅሶ ሄደው ይሆናል አለች።» ቆርቆሮዋን ከአንዱ እጅ ወደ ሌላው አዞረች። «ወዴት ሄዳችሁ ነበር ያን ሰሞን? ጎብዬ ነው? ጎብዬ ዘመድ አላችሁ አይደል?»

መልሱን ራሷ ሠርታ፣ ጠርዙን አጥፋ ነው የሰጠችኝ። እኔ ለጨው ነጋዴው ሚስት እንደ ሰጠሁት። አዎን ማለት ብቻ ነበር የሚቀረኝ። ጎብዬ ዘመድ አለን። ለቅሶም በዚያ ዓመት አልጠፋም።

«ነበርን» አልኩ።

«ምን?»

«ቤት ነበርን። ምሳ እየበላን ነበር። እግራቸውን በመጋረጃው ሥር አይቼዋለሁ፤ ጣታቸውን አውቄዋለሁ። አባቴ ሰላምታውን መልሷል፣ በሹክሹክታ። እኔ ዝም አልኩ።»

እንድትመታኝ ጠበቅኩ። እውነቱን ለመናገር እንድትመታኝ ፈልጌ ነበር፤ ብትመታኝ ከዚያ በኋላ ሁለት ሰው እንሆን ነበር። ብቻዬን አልሸከመውም ነበር።

አልመታችኝም።

«የለም» አለች።

«ነበርን እያልኩሽ!»

«እናቴ የለም ብላለች። የለም ካለች የለም ነው።»

«ለአንቺ ብለው ነው እንዲያ ያሉሽ፣ እንዳይከፋሽ...»

«ዝም በዪ!» የሰልፉ ሰው ዞሮ አየን። ድምጿን ዝቅ አደረገች። «የላክኋት እኔ ነኝ። ገባሽ? መቆም አልችልም ስትል ተነሺ ብዬ የላክኋት እኔ ነኝ። ወደ ባዶ ቤት ነው የላክኋት። ቤቱ ባዶ ነበር።»

«እሺ» አልኩ።

«ባዶ ነበር በዪ።»

አልኩ። ያች ለከት የለሽ እኔ፣ እውነቱን አንዴ ከተነፈስኩ በኋላ፣ ለሷ ስል ዋጥኩት። «ባዶ ነበር» አልኩ። ራሷን ነቀነቀች። ቆርቆሮዋን ዘረጋች። ወደ በርሜሉ ተመልሼ እስከ አፉ ሞላሁላት።

«በቃኝ» አለች።

ሦስት ጊዜ እስክትል አልጠበቅኩም። ይዛ ሄደች። ከዚያ በኋላ በየቀኑ እዚያው ሰልፍ ላይ አያት ነበር፤ በሌላዋ ልጅ በኩል ትሰለፋለች። እኔ ጋ መጥታ አታውቅም። ክረምቱ ሲገባ ዘር ታድሎ ቆላዎቹ ወደ አገራቸው ተመለሱ፤ እሷም ሳትሰናበተኝ አብራ ሄደች።

«ባዶ ነበር» ባልኩበት ቀን ማታ ሳይሆን ገና ፀሐይ እያለ ነው ቤት የገባሁት። አባቴ በረንዳው ላይ መኪናው ፊት ተቀምጧል። በሩ ክፍት ነው። ልብስ የሚያሰፋ ሰው እንደገና ይመጣ ጀምሯል። መርፌ ይዞ ክሩን ሊያስገባ ይታገላል። ተቀበልኩትና አስገባሁለት።

«ሞተዋል» አልኩት።

«ማን?»

«ሦስቴ ሰላም ያሉት ሴት።»

መርፌውን አልተቀበለኝም። የትኛዋ ሴት አላለኝም። መንገዱን ያያል፤ መንገዱ ላይ ማንም የለም።

«ቤት ነበርን እንዴ ያን ጊዜ?» አለኝ።

እየዋሸ እንዳልሆነ አውቅ ነበር። ለምኖኝ ነው። እኔም አሁን ይህን ሥራ ጠንቅቄ አውቄዋለሁ፤ ከአፌ አንድ ቃል ብቻ ነው የሚፈልገው፣ ለሁላቸውም እንደ ሰጠሁት። ለጓደኛዬ ከሰጠሁ ገና ሁለት ሰዓት አልሞላም።

«ነበርን፣ አባባ» አልኩት።

አባቴ ብድግ አለ። ወደ ውስጥ ገብቶ ምሳ በምንበላበት ቦታ ቆመና ፊቱን ወደ ተከፈተው በር መለሰ። እንደሱ ጮሆ ሲናገር ከዚያ በፊትም ከዚያ በኋላም ሰምቼው አላውቅም።

«ወአለይኩም ሰላም!» አለ።

እናቴ ከጓዳ እጇ ሊጥ እንደ ሆነ ሮጣ ወጣች።

«ማነው? ማን መጣ?» አለች።

በሩን አየች፣ እኛን አየች።